«አፍዝ አደንግዝ» መሥሪያ ቤታችን የገባ ዕለት

ባለፈው ሳምንት አንዲት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ቤቴ ድረስ መጥታ «ጋሼ፣ አፍዝ አደንግዝ ማለት ምን ማለት ነው? ቃሉስ ከየት መጣ?» ስትል ጠየቀችኝ። ምሕረት ትባላለች፤ ከወልዲያ መጥታ እዚህ ሀዋሳ የምትማር፣ መነጽሯ ከፊቷ የሚሰፋ ልጅ ናት። ለመመረቂያ ጽሑፏ ስለ ድግምትና አስማት የሚነገሩ ቃላትን እየሰበሰበች መሆኗን ነገረችኝ። ስልኳን አፌ ሥር ደግና፣ ደብተሯን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ፣ እስክናገር ስትጠብቅ እውነቱን ለመናገር ሳቄ መጣ። አገሩ ሁሉ ወደ ፊት ሮጠ በሚባልበት ዘመን፣ ኮምፒውተር በቦርሳዋ ይዛ የምትዞር ልጅ ስለ አፍዝ አደንግዝ ትጠይቀኛለች!

ደግሞስ በዚህ ከተማ ያን ቃል ለመስማት ተመራማሪ መሆን ያስፈልጋል? ጧት ከአዲስ ከተማ ሰፈር ባጃጅ የተሳፈረ ሰው ፒያሳ ሳይደርስ ይሰማዋል። ስልኳን መቀመጫ ላይ ረስታ የወረደች ሴት «አፍዝ አደንግዝ አድርገውብኝ ነው» ትላለች። ሰነዱን ሳይገልጥ የሰው መሬት የገዛ ነጋዴ «ዓይኔን አስረውት ነው» ይላል። ልጁ ዓመቱን ሙሉ ሐይቅ ዳር ፎቶ ሲነሳ መክረሙን በዓይኑ ያየ አባት፣ ፈተናው ሲመጣ ልጁ ሲወድቅ የሚጠረጥረው ጎረቤቱን ነው። በሕይወቴ ብዙ ሞኝ አይቻለሁ፤ «ሞኝ ነበርኩ» የሚል ሞኝ ግን እስካሁን አላጋጠመኝም። ሁሉም ተደግሞበት ነው። እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ ይህን ነገር አምኜው አላውቅም። አባቴ ወላይታ ውስጥ የወንጌል ሰባኪ ነበር፤ ክታብ ያሰረ ሰው ባየ ቁጥር ሲቆጣ ነው ያደግኩት። እኔ ደግሞ ከአባቴ ባስኩና ክታቡንም፣ ክታቡን የሚፈሩትንም አብሬ የምንቅ ሰው ሆንኩ።

ለማንኛውም ልጅቷ እንግዳ ናትና መለስኩላት። «አስማት» ማለት በግዕዝ «ስሞች» ማለት ነው አልኳት፤ የማይታወቁ ስሞችን በመደርደር ነገር ይሆናል ብለው የሚያምኑ ሰዎች ናቸው ቃሉን እንዲህ ያስፈሩት። አፍዝ አደንግዝ ደግሞ ሁለት ትእዛዝ ነው፤ «አፍዝልኝ፣ አደንግዝልኝ» እንደማለት። አንዱ ከመፍዘዝ የመጣ ነው፤ ሌላው ደግሞ ጀንበር ከጠለቀች በኋላ ዓይን ነገር ለመለየት ሲቸገር ድንግዝግዝ የምንለው ነው። ዳኛ እንዲፈዝ፣ ባለሥልጣን እንዲደነግዝ፣ የፈለጉትን ሳያይ እንዲፈርም የሚደረግ ነው ይላሉ። «ይላሉ ብለሽ ጻፊ» አልኳት፣ «ጋሽ ማቴዎስ አለ ብለሽ እንዳትጽፊ።» ሳቀችና ጻፈች። ደብተሯን ከዘጋች በኋላ ነው ነገሩን የነገረችኝ። «እኔን እኮ ወደ እርስዎ የላኩኝ እትዬ የሺ ናቸው። ፎቶ ኮፒ ቤት ያላቸው። የሳቸው ጽሑፍ ፈራሚ ያፈዛል ሲባል ሰምቼ ልጠይቃቸው ሄጄ ነበር። እሳቸው ግን ‹ቃሉ ከየት እንደመጣ ማቴዎስን ጠይቂው፤ እሱ በደንብ ያውቃል› አሉኝ።»

ሌላ ቀን እንድትመጣ ነግሬ ሸኘኋት። ራሴን አመመኝ አልኳት። ውሸት አልነበረም።

ከየሺ ጋር አንድ መሥሪያ ቤት በነበርንበት ጊዜ ከተማችን አዋሳ ነበር የምትባለው። ባጃጅ የሚባል ነገር አልተፈጠረም፤ ሰው የሚሄደው በጋሪና በብስክሌት ነበር። ብስክሌት የሌለው ሠራተኛ እንደ ሠራተኛ አይቆጠርም። እኔ ጥቁር ብስክሌት ነበረችኝ፤ ቀኝ እግሬ ላይ የቴትሮን ሱሪዬን በልብስ መቆንጠጫ ይዤ፣ ፀጉሬን አፍሮ አበጥሬ፣ ከዛፎቹ ሥር ስበር ራሴን ትልቅ ሰው አድርጌ ነበር የማየው። ፒያሳ ላይ በስሙኒ ሻይ ከቦምቦሊኖ ጋር ይገኛል። ቦምቦሊኖው ዛሬ እንደሚሸጡልን ስፖንጅ መሳይ አይደለም፤ ዘይቱ ጣት ላይ ቀርቶ እስከ ምሳ ሰዓት የሚላስ ነበር። ከሻይ ቤቱ ትይዩ ካሴት የሚሸጥ ሰው ነበር፤ አንድ ዘፈን ይከፍትና ሲያልቅ ያንኑ ይመልሰዋል። ሰፈሩ በሙሉ ያንን ዘፈን በግድ አጠናው። አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች ብቻ ናቸው ከዚያ ዘመን የቀሩት፤ ዛሬም ዓሣ የሚታረድበት አጠገብ ኮታቸውን እንደለበሱ ቆመው ሰውን ይታዘባሉ።

መሥሪያ ቤታችን ሁለት ፎቅ ነበር፤ ስሙን ተዉት። እኔ መዝገብ ቤት ነበርኩ። የሺ ታይፒስት ነበረች። ከጎጃም ነው የመጣችው፤ አባቷ መሪጌታ ነበሩ። ጉልበቷ ላይ የሚደርስ ግራጫ ጉርድ፣ አንገትጌው የተተኮሰ ነጭ ሸሚዝ ትለብሳለች፤ ያላት ሸሚዝ ሁለት ብቻ መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን፤ አንድም ቀን ግን ቆሽሾ አይተነው አናውቅም። ስትጽፍ ቁልፎቹን አታይም። በአንድ ጊዜ አራት ካርቦን አስገብታ ስትመታ የመጨረሻው ቅጂ እንኳን ጥርት ብሎ ይወጣል። ኃይሉ ከሚባል የሒሳብ መምህር ጋር ታጭታ ነበር፤ ከሥራ መውጫ ላይ ብስክሌቱን ደገፍ ብሎ ይጠብቃታል። ሠርጉ ከፋሲካ በኋላ ነው ተባለና ሁላችንም ምን እንደምንለብስ ማሰብ ጀምረን ነበር።

አለቃችን አቶ ታደገ ነበሩ። እግዜር ነፍሳቸውን ይማርና፣ ከሳቸው በላይ ፊርማው የሚያምር ሰው በዚህ አገር አልተወለደም። ችሎታቸውም እዚያው ላይ ያበቃል። ጧት የፊርማ ማኅደሩ ይገባላቸዋል፤ ከፍተው ቀለም ብዕራቸውን ያወጣሉ፣ አሥራ አምስት ደብዳቤ አሥራ አምስት ጊዜ እየፈረሙ ያልፋሉ። አያነቡም። ማንበብ ጸሐፊን አለማመን ነው ይሉ ነበር፤ እውነቱ ግን የቅርብ ነገር ማየት አቅቷቸው መነጽር ማድረግን እንደ ውርደት መቁጠራቸው ነው። ሳፋሪያቸውን ለብሰው፣ ጢማቸውን በማበጠሪያ አበጥረው፣ በመሥሪያ ቤቱ ላንድሮቨር ቅዳሜ ቅዳሜ ዓሣ ለመብላት ወደ ሐይቅ ዳር የሚወርዱ ሰው እንዴት መነጽር ያደርጋሉ? መኪናይቱ ክብራቸው ነበረች። ብትጠፋ ከሚስታቸው ይልቅ ለሷ ያለቅሱ ነበር ብል አላጋነንኩም።

ታዲያ አንድ ቅርንጫፍ መሥሪያ ቤት ያቺኑ መኪና ለተወሰነ ጊዜ እንድንሰጠው ጠየቀ። አቶ ታደገ መጀመሪያ ከበላይ ግፊት መጣባቸውና «ተፈቅዷል» የሚል ረቂቅ አዘጋጁ። በማግስቱ ሆዳቸው አልችል አለና «መኪናው ጥገና ላይ ስለሆነ ጥያቄውን ለመቀበል አንችልም» የሚል ሌላ ረቂቅ ላኩ። ሁለቱም እኔ ዘንድ መጡ። የኔ ሥራ የመጀመሪያውን ሰርዤ ሁለተኛውን «ይተየብ» ብዬ ለየሺ መስጠት ነበር። ያን ቀን ብስክሌቴ ጠጋኝ ዘንድ ነበረችና ከምሳ ሰዓት በፊት ሄጄ ላመጣት ቸኮልኩ። «ይተየብ» ብዬ የሰጠኋት የተፈቀደበትን ነው። እሷ የሰጠኋትን ተየበች። አቶ ታደገም በዚያ ውብ ፊርማቸው ፈረሙ። የስማቸው ቲተር ተመታ፣ ማኅተም አረፈ፣ ግልባጭ ሄደ። በሳምንቱ አንድ ሹፌር ደብዳቤውን ይዞ መጥቶ መኪናዋን አስነስቶ ሄደ።

አቶ ታደገ የጮሁትን ጩኸት ዛሬ ድረስ አስታውሰዋለሁ። ሠራተኛው ሁሉ ኮሪደር ላይ ተሰበሰበ። «ይህን እኔ አልፈረምኩም!» አሉ። ደብዳቤው ቀረበላቸው፤ ያ ፊርማ፣ ያ ጅራቱ የተጠቀለለ ፊርማ ቁልጭ ብሎ አለ። «ብፈርም እንኳን...» ብለው ቆሙ። ሰው ሁሉ ፊት ሳያነቡ እንደሚፈርሙ ሊናገሩ ነው፣ ወይም ረቂቁን ማን እንዳሳለፈው ሊጠይቁ ነው። መጠየቁ እንደማይቀር ገባኝና አፌ ቀደመኝ። «ጌታዬ፣» አልኩ፣ እንደ መቀለድም እያደረገኝ፣ «እርስዎን የመሰለ አስተዋይ ሰው አይቶ እንዳላየ የሚያደርገው ጤናማ ነገር አይደለም። አፍዝ አደንግዝ የሚሉት ይሄ ነው እንጂ ሌላ ምን ይሆናል?»

የማንንም ስም አልጠራሁም። መጥራትም አላስፈለገኝም። በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ የመሪጌታ ልጅ አንዲት ብቻ ናት፤ ዓይኑ ሁሉ ወደ እሷ ዞረ። አቶ ታደገ ፊታቸው ሲበራ አየሁ። መውጫ በር ተገኘላቸውና። «እኔ እኮ ያን ቀን ከጧት ጀምሮ ዓይኔን ጭጋግ ጭጋግ ሲለኝ ነበር!» አሉ። ጭጋግ የሚላቸው ለአምስት ዓመት ነው፤ መነጽር ስላላደረጉ።

የሺ «ጌታዬ፣ እኔ የተሰጠኝን ነው የተየብኩት» ብቻ አለች። ድምጿ ግን አልተሰማም፤ ሠራተኛው መንሾካሾክ ጀምሮ ነበር።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሳስበው ዛሬም የሰው ልጅ ያስቀኛል፤ ሳቅ ካልነው። ገንዘብ ያዡ ከየሺ እጅ ወረቀት መቀበል ተወ፤ «ጠረጴዛው ላይ አስቀምጪው» ይላታል፣ ከዚያ በመሐረብ ያነሳዋል። የጽዳት ሠራተኛዋ የየሺን የሻይ ብርጭቆ ለይታ በሌላ መደርደሪያ አስቀመጠችው። ኦርቶዶክሱ ጠበል ይዞ መጣ፤ ጴንጤው በምሳ ሰዓት የጸሎት ጓድ አቋቋመ። በዚያ መሥሪያ ቤት ሁለቱ በአንድ ነገር ሲስማሙ ያየሁት ያኔ ብቻ ነው፤ የሺን በመፍራት። አቶ ታደገ ደግሞ ከዚያ ወዲያ ምክትላቸው ደብዳቤውን ሁሉ ጮክ ብሎ ሳያነብላቸው መፈረም ተዉ፤ መሥሪያ ቤቱ ከተቋቋመ ጀምሮ ደብዳቤ ሲነበብ የመጀመሪያው ሆነ። ይህን ሁሉ እኔ ከመዝገብ ቤቴ መስኮት እያየሁ ንቀቴን በሆዴ እይዝ ነበር። እነዚህ ናቸው የተማሩት፣ እነዚህ ናቸው አገር የሚያስተዳድሩት እል ነበር። አንዱንም አልናቅኩም የምል ከሆነ ውሸታም ነኝ። የናቅኳቸውን ያህል ግን አንዲት ቃል አልተነፈስኩም።

የሺ ወደ ዕቃ ግምጃ ቤት ተዛወረች፤ የጽሕፈት መኪና በሌለበት፣ በተሰበሩ ወንበሮች መካከል። ወሬው የኃይሉ እናት ዘንድ፣ ይርጋለም ድረስ ደረሰ። ሴትዮዋ ለልጃቸው «ጸሐፊ አግባ ብዬሃለሁ፣ ጠንቋይ አግባ አላልኩህም» አሉት ተባለ። ኃይሉ ለተወሰኑ ቀናት በር ላይ ቆሞ ጠበቃት፣ ከዚያ አልፎ አልፎ መጣ፣ በመጨረሻ ቀረ። ፋሲካም መጥቶ አለፈ። ለሠርጉ ይለብሱታል የተባለውን ልብስ ሰዎቹ ሌላ ሠርግ ላይ ለበሱት። እሷም ሰኔ ላይ መልቀቂያዋን አስገባች፤ በእጇ ጽፋ፣ ምክንያቱም የጽሕፈት መኪና አልነበራትም። መልቀቂያውን መዝግቤ ያስተላለፍኩት እኔ ነኝ። ቁጥር ሰጥቼ፣ ቀን መትቼ። ቀና ብላ አየችኝና «አመሰግናለሁ፣ ማቴዎስ» አለች። በዚያው ዓመት የመዝገብ ቤት ኃላፊ ተደረግኩ።

ከዚያ በኋላ ፒያሳ አንድ በረንዳ ሥር ጠረጴዛና ጽሕፈት መኪና አስቀምጣ ማመልከቻ መጻፍ ጀመረች። አሁን ስሙኝ፤ ንቀቴ ከጣሪያ በላይ የሚወጣው እዚህ ጋ ነው። ብርጭቆዋን የለዩት እነዚያው ሰዎች፣ ጉዳይ ሲኖራቸው ተደብቀው እሷ ዘንድ መሄድ ጀመሩ። «የሺ የጻፈችውን ያየ ኃላፊ ሳያንገራግር ይፈርማል» ተባለ። ገንዘብ ያዡ ለልጁ ዝውውር አስጻፈ። የጸሎት ጓዱ አስተባባሪ ለቤት ጥያቄ አስጻፈ። አቶ ታደገ ራሳቸው ጡረታ ከወጡ በኋላ፣ የጡረታቸው ጉዳይ ሲንጠለጠል፣ ኮፍያቸውን ዝቅ አድርገው በረንዳዋ ሥር ተሰለፉ። በዓይኔ አይቻለሁ። ሰው የፈራውን ያርቃል፤ የሚፈልግበት ቀን ሲመጣ ደግሞ ያንኑ የፈራውን በማመልከቻ ይጠይቃል። እሷ የምታደርገው አስማት ምን እንደሆነ ለማወቅ ማንም አልተቸገረም። ሰውየውን «የምትፈልገው ምንድን ነው?» ብላ ሦስት ጊዜ ትጠይቀዋለች፣ በአንድ ገጽ ትጽፍለታለች፣ መልሳ ታነብለታለች። ኃላፊዎቹ ዕድሜያቸውን ሙሉ ያላዩት ንጹሕ ወረቀት ስለሆነ ይፈርማሉ። በቃ። ስሟ ግን ስም ሆኖ ቀረ፤ በረንዳው ወደ አዲስ ከተማ ክፍል ሲቀየር፣ ጽሕፈት መኪናው ኮምፒውተር ሲሆን፣ ቃሉም አብሯት ተዛወረ። አላገባችም። እኔ ሦስት ልጅ ወለድኩ፣ ዳርኩ፣ በከተማው መሀል ስንገናኝ ከማዶ ሆኜ እጅ እየነሳሁ አለፍኩ። አርባ ዓመት ሊሞላው ምን ቀረው፤ ያን ሁሉ ጊዜ ማዶ ለማዶ።

እንግዲህ ልጅቷን የላከቻት እሷ ናት። ምሕረት ተመልሳ ትመጣለች፣ ትጽፋለች፤ የጻፈችው ይታተማል፣ መደርደሪያ ላይ ይቀመጣል። ወይ «በሀዋሳ በአፍዝ አደንግዝ የምትታወቅ አንዲት ሴት» ብላ ትጽፋለች፣ ወይ እኔ እውነቱን እነግራታለሁ። ሦስት ቀን አሰብኩበት። ልጆቼ ያነቡታል ብዬ አፈርኩ፤ ልጆቼ እንኳን መጽሐፍ የመድኃኒት ወረቀትም አያነቡም ብዬ ራሴን አጽናናሁ። በአራተኛው ቀን ከሰዓት በፊት ከዘራዬን ይዤ ወደ አዲስ ከተማ ሄድኩ። ልጅቷን ከማናገሬ በፊት መጀመሪያ መስማት ያለባት ሌላ ሰው መሆኗ ገብቶኝ ነበር።

ቤቱ ጠባብ ነው፤ አንድ ማባዣ፣ አንድ ማተሚያ፣ አንድ ኮምፒውተር። የሺ ሸምግላለች፤ አንገትጌዋ ግን አሁንም የተተኮሰ ነው። ከገጠር የመጣ፣ ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ ያስቀመጠ አንድ የሲዳማ ገበሬ ከፊቷ ተቀምጦ ነበር። ስለ ውኃ ቦኖ አቤቱታ ያስጽፋል። «አንድ ነገር ብቻ ንገረኝ፣ የምትፈልገው ምንድን ነው?» ትለዋለች። «ውኃው ይመለስ፣ በቃ፣ ሌላ አልፈልግም» ይላታል። እኔን ስታይ ቆመች አልልም። በእጇ ወንበር አሳየችኝ።

«ልጅቷ መጣችብህ?» አለችኝ።

«መጣች። የሺ፣ ልነግርሽ የመጣሁት... ረቂቁን አሳስቼ የሰጠሁሽ እኔ ነኝ። ከዚያ ደግሞ እንዳይያዝብኝ ብዬ ቃሉን ያመጣሁት እኔ ነኝ። ልጅቷ ስትመለስ ሁሉንም እነግራታለሁ፤ ስሜን ጠቅሳ ትጻፈው።»

ማተሚያው ወረቀት እየጎተተ ነበር። እሱን እያየች መለሰችልኝ።

«አውቃለሁ። ረቂቁ ዳር ላይ ‹ይተየብ› የሚለው የእጅህ ጽሑፍ ነበር። ያንኑ ዕለት ነው ያየሁት።»

«ታዲያ ለምን ወረቀቱን አላሳየሻቸውም?»

«ለማን? አንተን አቁመው ቢጠይቁህና እውነቱን ብትናገር ‹እሱንም አፍዝዛ አናገረችው› ይሉ ነበር እኮ።» ፈገግ አለች፤ እውነተኛ ፈገግታ ነበር፣ በቀልዱ የምታፍር አትመስልም። «አንድ ነገር ብቻ ነው ይህን ሁሉ ዘመን ሳልጠይቅህ የቀረሁት። ያን ጊዜ ስትናገረው፣ አምነኸው ነበር?»

እውነቱን ልናገር፤ ደስ አለኝ። በዚህ ከተማ ራሴን ቀና አድርጌ የምመልሰው ጥያቄ ቢኖር ይህ ነበር። «እኔ? በጭራሽ!» አልኳት። «የሺ ሙች! ያን ጊዜም ዛሬም፣ አንዲት ቀን እንኳን አምኜው አላውቅም። አንቺንም እንደዚያ አስቤሽ አላውቅም።»

ገበሬው ባርኔጣውን አንስቶ መልሶ አስቀመጠው።

«ኃይሉ አምኖ ነበር» አለች በመጨረሻ። «እናቱም አምነው ነበር፤ አቶ ታደገም ኋላ ኋላ ራሳቸው አመኑት። የፈራ ሰው ምን ይደረጋል? እነሱን ይቅር ካልኩ ቆየሁ። አንተን ደግሞ ይኸው እስከ ዛሬ፣ ምናልባት እሱም ፈርቶኝ ይሆናል እያልኩ ነበር ይቅር ስልህ የኖርኩት።»

ከዚያ ወረቀቱን ከማተሚያው አወጣችና ወደ ገበሬው ዞራ ታነብለት ጀመር።